በፎርፌ መሸነፍ ሲሻል

የሰፈራችን ጤና ቡድን አንድ ሕግ አለው። እሁድ ጠዋት የቀረ 100 ብር ይቀጣል። እኔ የምሄደው ኳስ ስለምወድ አይደለም፣ 100 ብሩን ስለምወድ ነው። በቀደም ከጎረቤት ሰፈር ወጣቶች ጋር ግጥሚያ ተያዘልን። ልጆቹ ሲያሟሙቁ አይተን ገና ሳንጀምር ላብ አሰመጠን። በረኛችን ጉልበቱን በፋሻ ጠምጥሞ፣ ከወንድሙ ልጅ የተዋሰው ጫማ ሰፍቶት ጫፉ ላይ ሶፍት ጠቅጥቆ ገባ። 11 ለ 0 አለቀ። እያነከስን ወደ ቤት ስንመለስ ገንዘብ ያዣችን «ቢያንስ ፎርፌ አልሰጠንም» አለ። ማንም አልመለሰለትም።

ማታ ቁርጭምጭሚቴ ላይ በረዶ አስሬ ተቀመጥኩና ከእኛ የባሰ ይኖር ይሆን ብዬ መፈለግ ጀመርኩ። አለ። ኧረ እንዴት ያለ!

አሜሪካ፣ አትላንታ ነው፣ ኦክቶበር 7 ቀን 1916። በእኛ መስከረም 27 ቀን 1909 መሆኑ ነው፤ ልጅ ኢያሱ ከዙፋን በተሻሩ በ10ኛው ቀን። አዲስ አበባ የራሷ ጭንቅ ነበረባት። አትላንታ ግን ኳስ ላይ ናት። እነሱ ፉትቦል የሚሉት፣ በእጅ ታቅፈው የሚሮጡት ነገር።

ባለሜዳው ጆርጂያ ቴክ ነው። እንግዳው ከምበርላንድ የሚባል ኮሌጅ፣ ከቴነሲ ግዛት፣ ከሌባነን ከተማ። የከተማዋን ስም አደራ ሳትለያዩ አንብቡልኝ። ለያይቶ ያነበበ ሰው የቤዝቦሉን ወሬ ቀድሞ ሰምቷል ማለት ነው።

የቤዝቦሉ ወሬ እንዲህ ነው። በዚያው ዓመት ጸደይ ሁለቱ ኮሌጆች በቤዝቦል ተገናኝተው ከምበርላንድ 22 ለ 0 አሸነፈ። ትንሽ ኮሌጅ ጆርጂያ ቴክን እንዲህ ሲቀጠቅጥ ሰው ምን ይላል? ተማሪ ሳይሆኑ ከናሽቪል የመጡ፣ በደሞዝ የሚጫወቱ ሰዎችን ማልያ አልብሰው ነው ተባለ። የጆርጂያ ቴክ አሰልጣኝ ጆን ሃይዝማን ይህን ዋጥ አድርጎ ያዘ። ዛሬ የዓመቱ ምርጥ የኮሌጅ ተጫዋች የሚሸለመው ዋንጫ በስሙ የሚጠራው እሱው ሃይዝማን ነው። ኳስ በማይኖርበት ወራት መድረክ ላይ ወጥቶ ቲያትር ይሠራ ነበር። ቂሙን በፈገግታ ሸፍኖ መያዝ ለእንዲህ ያለ ሰው አያቅተውም።

ከምበርላንድ ደግሞ የዚያን ዓመት የፉትቦል ቡድኑን ጭራሽ በትኖታል። የለም፣ አበቃ። ችግሩ ግን ቀድሞ የተፈረመ ወረቀት ነበር። ግጥሚያው ቀረ ብሎ መልእክት ሲልክ ሃይዝማን ውሉን አስታወሰው። ብትመጡ 500 ዶላር ከጉዞ ወጪ ጋር፣ ብትቀሩ 3,000 ዶላር ቅጣት። በ1916፣ 3,000 ዶላር! እኔ ለ100 ብር ስል ቁርጭምጭሚቴን ሰጥቻለሁ። እነዚያ ልጆች ምን ቢሰጡ ይፈረድባቸዋል?

ጆርጅ አለን የሚባል ተማሪ ነበር፣ የቡድኑ ኃላፊ። ቡድን የሌለው የቡድን ኃላፊ። ዞር ዞር ብሎ ጓደኞቹንና የሕግ ተማሪዎችን ለቃቀመ። ሃያ እንኳ አልሞሉም። መቼም አንድ የሕግ ተማሪ ከሁሉ በፊት የሚማረው ፊርማ እንደሚያስጠይቅ ነው፤ እነዚህ ትምህርቱን በአጥንታቸው ሊማሩት ባቡር ተሳፈሩ። ባቡሩ ናሽቪል ሲቆም ጥቂት ጠንካራ ልጆች እንጨምራለን ብለው ወርደው፣ ጭራሽ ሦስት ጠፍተውባቸው ተመለሱ ይባላል። እነዚያን ሦስት ልጆች ሳላውቃቸው አከብራቸዋለሁ።

ጨዋታው ተጀመረ። በዚህ ጨዋታ አንድ ቡድን ኳሷን 10 ያርድ ለማራመድ 4 ሙከራ ይሰጠዋል፤ ከተሳካለት «ፈርስት ዳውን» ይባልና አዲስ 4 ሙከራ ያገኛል። በዚያ ቀን አንዱም ቡድን አንድም ፈርስት ዳውን አላገኘም። ከምበርላንድ ስላልቻለ ነው። ጆርጂያ ቴክ ደግሞ አራቱ ሙከራ ሳያልቅ ስለሚያገባ ነው። ኳሷን በያዘ ቁጥር አገባ። በመጀመሪያው ሩብ 63 ነጥብ። በሁለተኛው ሩብ ደግሞ 63።

ከምበርላንዶች ታዲያ ዘዴ አመጡ። በዘመኑ ሕግ የገባበት ቡድን ኳሷን ልቀበል ወይስ ልምታ ብሎ መምረጥ ይችል ነበር። ኳሷን ተቀብሎ የሚሆነውን ያዩት ልጆች በተደጋጋሚ መምታትን መረጡ። ማለትም ገብቶባቸው ሲያበቃ ኳሷን መልሰው ላገባባቸው ሰጡ። ኳሷ ራቅ ብላ እነሱ ጋ ብትሆን ይሻለናል ብለው ነው። ሞኝነት እንዳይመስላችሁ። እኛም ያን እሁድ ኳሷ ወደ እኔ ስትመጣ «በእናትህ ለነሱ ስጣቸው» ያለኝ ሰው ነበር።

የሚወራው ብዙ ነው። አንዱ የከምበርላንድ ልጅ ኳሷ አምልጣው ስትንከባለል ጓደኛውን «አንሳት!» ቢለው፣ «የጣልካት አንተ፣ አንሳት አንተ» ብሎ መለሰለት ይባላል። ሌሎች ሁለት ደግሞ ብርድ ልብስ ተከናንበው ከጆርጂያ ቴክ ተቀያሪዎች መሀል ተቀምጠው ተገኙ ይባላል። እውነት ይሁን ተረት፣ ቦታው ላይ ብሆን ብርድ ልብሱ ለሦስት ይበቃ እንደሆነ እጠይቅ ነበር።

እረፍት ሆነ። 126 ለ 0። ሃይዝማን ልጆቹን ሰብስቦ፣ እየመራን ነው፣ ግን እነዚህ ሰዎች ምን ደብቀው እንደያዙ አይታወቅምና እንዳትዘናጉ አላቸው አሉ። የቲያትር ሰው አላልኳችሁም? ደግነቱ ግን ጨርሶ አልጠፋም። በሁለተኛው አጋማሽ እያንዳንዱ ሩብ ከ15 ደቂቃ ወደ 12 እንዲወርድ ተስማማ። በድምሩ የ6 ደቂቃ ምሕረት።

መጨረሻው 222 ለ 0። ሠላሳ ሁለት ታችዳውን ነው፤ ኳሷን ይዞ የተጋጣሚን መጨረሻ መስመር ማለፍ ማለት ነው። በስድስት ስድስት ነጥብ 192፣ ከየታችዳውኑ በኋላ ከሚመቱት ደግሞ 30። ቆጣሪው ሰውዬ ቀኑን እንዴት እንደዋለ አስቡት። በዚያ ጸደይ ጆርጂያ ቴኮች በቤዝቦል 22 ለ 0 ነበር የተሸነፉት። ሃይዝማን አንድ 2 ጨምሮ መለሰላቸው።

ሰውየው ሌላም ሰበብ ነበረው። የዘመኑ የስፖርት ጋዜጠኞች ቡድኖችን የሚለኩት በዓመቱ ባስቆጠሩት ነጥብ ብዛት ነው፤ በማን ላይ እንዳስቆጠሩ አይጠይቁም ብሎ ይበግን ነበር። እንግዲህ ነጥብ ከፈለጋችሁ ይኸው አላቸው። የሚገርመው በዚያው ዓመት ጆርጂያ ቴክ ከ9 ጨዋታ 8 አሸንፎ በአንዱ ተያዘ። ዋሽንግተን ኤንድ ሊ የሚባል ኮሌጅ 7 ለ 7 አቻ ወጣው። ያ ሁሉ የነጥብ ጎርፍ አንዲት ትርፍ ነጥብ ለዚያኛው ቀን አላዋሰውም።

ጆርጅ አለንስ? ያ ሁሉ ውርጅብኝ አልሰበረውም። በኋላ ዋሽንግተን ገብቶ የፕሬዚዳንት ትሩማን ወዳጅ ለመሆን በቃ። 222 ለ 0 ያየ ሰው ፖለቲካ ምን ያስደነግጠዋል?

እኔን ከሁሉ በላይ የያዘኝ ሂሳቡ ነው። ለ500 ዶላር 222 ነጥብ ሲያስተናግዱ እያንዳንዷ ነጥብ 2 ዶላር ከ25 ሳንቲም ገደማ አስገኝታላቸዋለች። ቅጣቱንም ድነዋል። እኛ 100 ብር ለማዳን 11 ጎል ገባብን፤ አንዷ ጎል 9 ብር ገደማ ማለት ነው። ያውም የሚሰጠን የለም፣ አለመክፈላችን ብቻ ነው ትርፉ።

ትናንት በቡድኑ ቴሌግራም ላይ ማስታወቂያ ተለጠፈ። ከእነዚያው ልጆች ጋር የመልስ ግጥሚያ አለ። የቀረ 200 ብር።

ጫማዬን አጥቤ አስጥቻለሁ።