«መንገድ ላይ ነኝ»

በተረት ዓለም አንድ ዕቃ አለ። ክብ ነው፤ ከክሪስታል የተሠራ። አስማተኛው ሽማግሌ በጨርቅ ሸፍኖ ያስቀምጠዋል። የጨነቀው ቀን ጨርቁን ገለጥ ያደርግና እጁን ያንዣብብበታል። ውስጡ ጉም ይተራመሳል። ጉሙ ሲገፈፍ፣ ሰባት ተራራ ተሻግሮ የሰፈረው የጠላት ጦር ከነፈረሱ ከነጋሻው ወለል ብሎ ይታያል።

እኔን የሚገርመኝ ጉሙም ጦሩም አይደለም። የአስማተኛው ጨዋነት ነው። አገር ምድሩን ቁጭ ብሎ ማየት የሚችል ሰው እንዴት ሁልጊዜ ጦር ብቻ ያያል? አንድ ቀን እንኳ «እስቲ ያ ብር ተበድሮኝ የጠፋው ሰውዬ ምን እየሠራ ነው?» አይልም? ጎረቤት የለውም? የድሮ ፍቅረኛ የለችውም?

ዕቃው እኔ እጅ ቢገባ ምን እንደማደርግ አልዋሽም። የመጀመሪያውን ቀን ስለ ዓለም ሰላም አስብ ይሆናል። ቢበዛ እስከ ምሳ ድረስ። ከምሳ በኋላ ግን ሳልጠራ የቀረሁበትን የልደት ግብዣ አያለሁ። ማን ተጠራ? ማን ከማን ጎን ተቀመጠ? ዘንዶ የሚፈልግ ዘንዶውን ይይ።

ችግሩ ክሪስታሉ ምስል እንጂ ድምፅ የለውም። በአብዛኛው ተረት እንዲያ ነው። እስቲ አስቡት። ሁለት ጓደኞቼ ቁጭ ብለው ቡና ይጠጣሉ። አንዱ ጠጋ ብሎ የሆነ ነገር ሹክ ይላል። ሌላው እስኪያስለው ይስቃል፤ ማንኪያው ከእጁ ይወድቃል። ምን ብሎት ነው? እኔን ነዋ! ሌላ ማንን ሊሆን ይችላል? በማግስቱ ሳገኛቸው «ትናንት ምን ነበር እንደዚያ ያሳቃችሁ?» ብዬ እንዳልጠይቅ፣ «አንተ በምን አወቅክ?» ይመጣል። ስለዚህ ያለኝ ምርጫ ያለ ምክንያት መኮሳተር ነው። እነሱ ደግሞ «ይሄ ሰውዬ ምን ሆኖ ነው?» ብለው በሌላ ቀን ጠጋ ብለው ሹክ ይባባላሉ። እኔም አያለሁ። እንዲህ እያልን የሃያ ዓመት ወዳጅነት በአንድ ሳምንት ይጠናቀቃል።

ይሄም ይሁን። ከሁሉ የሚያስፈራኝ «መንገድ ላይ ነኝ» የምትባለው ነገር ዕጣ ፈንታ ነው። ይህቺ ነገር የሰው ልጅ አብሮ የመኖር ምሰሶ ናት። የሚላት ሰው ፎጣ አገልድሞ፣ አንድ እግር ካልሲ ፍለጋ አልጋ ሥር ተደፍቶ ነው የሚላት። የሚሰማትም ያውቃል። ስለሚያውቅም እሱ ራሱ ገና አልተነሣም። ሁለቱም ተዋሽተው፣ ሁለቱም እኩል አርፍደው፣ በፍቅር ይገናኛሉ። በዚህ መሃል ክሪስታል ካስገባችሁ ፎጣው ይታያል። ፎጣው ከታየ ደግሞ ምን ቀጠሮ፣ ምን ጓደኝነት አለ?

«ተረት ነው፣ ምን አስጨነቀህ?» የሚለኝ ካለ፣ የጆን ዲ ነገር ላንሣ። ዲ በ16ኛው መቶ ዘመን የኖረ እንግሊዛዊ ሊቅ ነው። ሒሳብ አዋቂ፣ ትልቅ ቤተ መጻሕፍት የነበረው፣ የንግሥት ቀዳማዊት ኤልሳቤጥ አማካሪ። የእሱ ነበር የሚባል ከሜክሲኮ የመጣ የባልጩት መስታወት ዛሬም ለንደን፣ ብሪቲሽ ሙዚየም ውስጥ አለ። ክሪስታልም ነበረው። ያልነበረው አንድ ነገር ነው፤ ውስጡ ምንም አይታየውም። አፍጥጦ ቢውል ባዶ። ስለዚህ የሚያይለት ሰው ቀጠረ። እ.ኤ.አ. በ1582 ኤድዋርድ ኬሊ የሚባል ሰው መጣና ያይለት ጀመር። ዲ ይጠይቃል፣ ኬሊ ያያል፣ ዲ ቁጭ ብሎ ይጽፋል። ዕቃው የአንዱ፣ ዓይኑ የሌላው። እንዲህ ዓይነት ሽርክና የት እንደሚያደርስ መገመት አያቅትም። በ1587 ኬሊ ከክሪስታሉ አዲስ መልእክት ይዞ ቀረበ፤ መላእክቱ «ሁሉን በጋራ ያዙ፣ ሚስቶቻችሁንም ጭምር» ብለዋል አለ። ዲ በጣም ደነገጠ። ደንግጦ ግን ፈረመ። ሚስቶቹ ክሪስታሉን የማየት ዕድል ቢያገኙ ምን ይታያቸው እንደነበር ለማወቅ ብዙ እከፍላለሁ።

እውነተኛው የክሪስታል ኳስ ዛሬም አለ፤ አስማቱ ብቻ ነው የቀረው። ዋሽንግተን የሚገኘው የስሚዝሶኒያን የተፈጥሮ ታሪክ ሙዚየም ውስጥ 33 ሴንቲ ሜትር ያህል ስፋት ያለው፣ 48 ኪሎ ገደማ የሚመዝን፣ እንከን የለሽ የኳርትዝ ኳስ ተቀምጧል። ፊት ለፊቱ ቆሞ ለሚያይ፣ ወዲያ ማዶ ያለው ጎብኚ በጭንቅላቱ ተዘቅዝቆ ይታየዋል። ብርሃን ክብ ነገር ውስጥ ሲገባና ሲወጣ ስለሚታጠፍ ነው። እንግዲህ ስለ ሰው ሕይወት መረጃ የሚሰጠን ዕቃ ሲሠራ የሚያሳየን ሰውን ገልብጦ ነው። ሐሜትም ከዚህ የተሻለ አታደርግም።

እኔም አለኝ። የመስታወት ነው፣ ብርቱካን የምታህል፤ በስጦታ ያገኘኋት። መስኮቱ ጠርዝ ላይ፣ ከመጋረጃው ፊት አስቀመጥኳት። አንድ ቅዳሜ ጠዋት ጓደኛዬ ደወለ። ቀጠሮ ነበረን።

«የት ደረስክ?»

«መንገድ ላይ ነኝ» አልኩት፤ ብርድ ልብሱን ወደ አገጬ እየሳብኩ።

«እኔም» አለ። የእሱንም ብርድ ልብስ የሰማሁት መሰለኝ።

ይኼኔ የሆነ ነገር ሸተተኝ። ዞር ስል ከኳሷ ጀርባ ቀጭን ጭስ እየተጥመለመለ ይወጣል። ፀሐይዋ በኳሷ በኩል ገብታ፣ አንዲት ነጥብ ላይ ተሰብስባ፣ ጨርቁን እየበሳችው ነው። አልጋውን ዘልዬ ወረድኩ። ስልኩ አልተዘጋም።

«ኧረ ውሃ! ኧረ መጋረጃው!»

ጥቂት ዝም አለ።

«መንገዱ መጋረጃ አለው እንዴ?» አለኝ።