13 አሸንፎ ቤት መቅረት

በአሜሪካ የኮሌጅ ፉትቦል (በእጅ የሚያዘው ኳስ) የ2023ቱ የፍሎሪዳ ስቴት ዩኒቨርሲቲ ቡድን ነገር እስካሁን አልወጣልኝም። 13 ተጫውቶ 13ቱንም አሸንፎ የኮንፈረንሱን (ያለበትን ሊግ) ዋንጫ የወሰደ ቡድን፣ ኮሚቴ የመረጣቸው 4 ቡድኖች ለሻምፒዮንነት የሚፋለሙበት ፕሌይኦፍ አትገባም ይባላል እንዴ?? ኤልኤስዩን 45 ለ 24፣ ክሌምሰንን ሜዳው ድረስ ሄደው በጭማሪ ሰዓት፣ ከዚህ በላይ ምን ያድርጉ በናታችሁ።

ሰበቡ ኳርተርባኩ (ማጥቃቱን የሚመራው ኳስ ወርዋሪ) ጆርዳን ትራቪስ እግሩ ተሰበረ ነው። ልጁ ራሱ እኮ ቡድኑ ያለሱም ቡድን መሆኑን እንድታዩ ምነው ቀደም ብዬ በተሰበርኩ ብሎ ጻፈ፣ አንጀት ይበላል። ሁለተኛው ኳርተርባክም ተጎድቶ በሦስተኛው፣ ያውም ገና ፍሬሽማን (የመጀመሪያ ዓመት ተማሪ) በሆነ ልጅ ሉዊቪልን 16 ለ 6 ሲያሸንፉ ዲፌንሱ (የመከላከል ክፍሉ) በር ዘግቶ ነው የዋለው፣ ዲፌንስ አይቆጠርም ማለት ነው? አላባማ ግን በገዛ ሜዳው በቴክሳስ 34 ለ 24 ተሸንፎም ገባ። እንደዛ ከሆነ ሲዝኑ ሳይጀመር ስም እያዩ ይምረጡና ሁላችንም እንገላገል።

ከፕሌይኦፉ ውጪ በሆነው ኦሬንጅ ቦል የሚባል የሲዝን ማብቂያ ጨዋታ ላይ ደግሞ ጆርጂያ 63 ለ 3 ሲቀጠቅጣቸው "አላልንም ነበር?" ባዩ በዛ። ከ20 በላይ ተጫዋች እንዳልተሰለፈ ማንም አያነሳም፣ የተጎዳው ተጎድቶ፣ ሌላው ለድራፍት (ፕሮፌሽናል ክለቦች ተጫዋች ለሚመርጡበት) ብሎ፣ ሌላው ኮሌጅ ሊቀይር፣ ለማይረባ ጨዋታ ማን እግሩን ይሰጣል።

እኔን የሚያቃጥለኝ ግን በዓመቱ ፕሌይኦፉ ከ4 ወደ 12 ቡድን አደገ፣ የኛዎቹ ደግሞ በዛው ዓመት 2 አሸንፈው 10 ተሸነፉ። ወይ እድል!