ማስተካከያ፦ የኤግትቬዷ ልጅ ከጀርመን መምጣቷ አልተረጋገጠም

ባለፈው ስለ ዴንማርኳ የኤግትቬድ ልጅ (ኤግትቬድ በተባለ ቦታ መቃብሯ ስለተገኘው የጥንት ልጃገረድ) ስጽፍ «ከደቡብ ጀርመን የመጣች መሆኗ ተረጋግጧል» ብዬ ነበር። ተሳስቻለሁ። የ2015ቱ ጥናት ጥርሷና ፀጉሯ ውስጥ ያለውን ስትሮንቲየም (ከምግብና ከውሃ ወደ ሰውነት የሚገባ ንጥረ ነገር ነው፤ ልኬቱ እንደየአካባቢው ስለሚለያይ ሰው የት እንደኖረ ይጠቁማል) ለክቶ ከሩቅ ሳትመጣ አልቀረችም አለ፤ ያነጻጸረው ግን ከዛሬው የዴንማርክ ውሃ ጋር ነው። በ2019 በሳይንስ አድቫንስስ (Science Advances) መጽሔት የወጣ የኦርሁስ ዩኒቨርሲቲ ጥናት እንደሚለው ደግሞ ገበሬዎች ማሳቸው ላይ የሚበትኑት ኖራ የውሃውን ልኬት አዛብቶታል። ስለዚህ እዚያው ሰፈሯ ተወልዳ ያደገች ልትሆን ትችላለች።

ሌላው እንዳለ ነው። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ1370፣ ከግንድ በተፈለፈለ የኦክ ሳጥን ውስጥ ተቀበረች። በሞቃቱ ወቅት መሆኑን ያሳበቀችው አብራት የተቀመጠች አንዲት አበባ ናት።

ጽሁፉን አርሜዋለሁ። ሼር ያደረጋችሁ ይህንንም አያይዙልኝ።