ማጣሪያ የለየውን ባንቀላቅልስ?

አዳማዎች፣ ዛሬ ልቆጣችሁ ነው። ራሴንም ጨምሬ።

ማደያ ተሰልፈን ስንውል ወሬያችን አንድ ነው። አንዱ «ኧረ አሰብ ቢኖረን ኖሮ!» ይላል። ሌላው ከንፈሩን ይመጣል። የአሰብን የነዳጅ ማጣሪያ እንደ ሟች ዘመድ እናለቅስለታለን።

እስቲ ታሪኩን በልኩ እናውራው። ጃንሆይ በ1959 እ.ኤ.አ. ሞስኮ ሄደው የ400 ሚሊዮን ሩብል ብድር አገኙ። አሰብ ላይ በሶቪየቶች እገዛ ማጣሪያ ተተከለ፤ በ1967 እ.ኤ.አ. ሥራ ጀመረ። አቅሙ መጀመሪያ ላይ በዓመት 500 ሺህ ቶን ገደማ ነበር። ድፍድፍ ነዳጁ (ያልተጣራው) ግን ያኔም የሰው አገር ነው፤ ተገዝቶ በመርከብ ነበር የሚመጣው። ኤርትራ ስትለይ ማጣሪያው እዚያው ቀረ፣ እኛም በስምምነት እየተጠቀምንበት ቆየን። ከዚያ በ1997 እ.ኤ.አ. ተዘጋ። ከኤርትራ ጋር ጦርነቱ እኮ የመጣው በ1998 እ.ኤ.አ. ነው! የቆመው አርጅቶ ነው፤ እሱ ጋ ከማጣራት የተጣራውን መግዛት ረከሰ። «ጦርነት ነው የዘጋው» እያላችሁ የምታወሩ፣ አርሙ።

ማጣሪያ ሥራው መለየት ነው። ድፍድፉ እስከ 350 ዲግሪ ገደማ ይሞቅና ረጅም ማማ ውስጥ ይገባል። እንፋሎቱ ሽቅብ ሲወጣ እየቀዘቀዘ ይሄዳል። ከባዱ ጥቁር ናፍጣ ከታች ይቀራል፤ ከፍ ሲል ናፍጣ፣ ከዚያ ላምባ፣ ቀላሉ ቤንዚን ከላይ። አረቄ ማውጣት ያየ ሰው ነገሩ አይጠፋውም። ልዩነቱ ከአንድ ጋን ብዙ ዓይነት መቅዳቱ ነው።

እኛስ? ያን ሁሉ እሳትና ድካም ቤንዚኑ ውስጥ በምንጨምረው አንድ ሃይላንድ ላምባ እናፈርሰዋለን።

ባለፈው ፍራንኮ አካባቢ የተሳፈርኩበት ባጃጅ መሀል መንገድ ላይ ቆመ። ልጁ ወርዶ ካንዴላውን ፈታ። ጫፉ ጥላሸት ነው። ታንኩን ከፍቶ አስሸተተኝ፤ ልክ የእናቴ ፋኖስ ይሸታል። «ከመንገድ ዳር ነው የገዛሁት» አለኝ፣ ደንገጥም ሳይል።

እናንተ ቀላቃዮች፣ ላምባ ቤንዚን ውስጥ ሲገባ ሞተር እንደሚያንኳኳ ታውቃላችሁ። ያ ባጃጅ የዕለት እንጀራው የሆነ ልጅ ጎረቤታችሁ ነው። ገዢዎችም ንጹሕ አይደላችሁም። ሽታውን እያወቃችሁ «ምን ይደረግ» ብላችሁ ትቀዳላችሁ። እኔም ሰልፍ ሰልችቶኝ ገዝቻለሁ፤ ሁለት ሃይላንድ፣ ጓዳ ከከሰሉ አጠገብ አስቀምጬ። የቤንዚን ጋዝ ከአየር ይከብዳል፤ ወለል ለወለል ሄዶ ቡና የሚፈላበትን ምድጃ ያገኛል። ይህን እያወቅኩ ነው ያስቀመጥኩት።

በ2018 ዓ.ም. መስከረም ላይ ጎዴ ላይ ለአዲስ ማጣሪያ የመሠረት ድንጋይ ተቀምጧል። ደስ ብሎኛል፣ አልዋሽም። ግን ነገ ከዚያ የመጣ ቤንዚን ከቦቴ ወርዶ እኛ ጓሮ ላምባ ከተጨመረበት፣ ምኑን ተጣራ? ያኔስ በማን ልናመካኝ ነው?

ልጁ ካንዴላውን በሱሪው ጠርጎ መልሶ አሰረ። በአራተኛው ሙከራ ተነሳለት። አድርሶኝ ሂሳቡን ሲቀበል «ወደ ማደያ ነህ?» አልኩት። በአገጩ ከማዶ ጥላ ሥር የተደረደሩትን ሃይላንዶች አሳየኝ።