«ቀደምት» ስንት ሰው ነው?

«አክሱም ቀደምት ከተማ ናት።» «እሳቸው ቀደምት አርበኛ ነበሩ።» እንዲህ ያለው ዓረፍተ ነገር በየዜናው ስለሚመላለስ ስህተትነቱ ለጆሮ አይታወቅም። ቃሉ ግን ብዙ ቁጥር ነው።

ግእዝ አንዱን «ቀዳሚ»፣ ብዙዎቹን «ቀደምት» ይላል፤ ጸሓፊ ሲበዛ ጸሐፍት እንደሚሆነው ማለት ነው። ትርጉሙም ከእኛ በፊት የነበሩት ነው። የተጠራጠረ አርታኢ በቦታው «ጸሐፍት»ን አስገብቶ ይሞክረው። «ጸሐፍት ብዙ መዝገብ ትተውልናል» ያስኬዳል፤ «እሳቸው ጸሐፍት ናቸው» ግን አያስኬድም። አክሱምም «ከቀደምት ከተሞች አንዷ» ብትባል ቁጥሩ ይገጥማል። «ቀደምቶች» ማለት ደግሞ እንደ «ካህናቶች» የበዛውን መልሶ ማብዛት ነው። («ነገሥታት»ስ? የሚለኝ አይጠፋም። እሱም በ«ነገሥት» ላይ የተደረበ ነው፤ ከለመድነው ግን ቆይቷል፣ የሚነቅለው የለም።)

ስህተቱ የመጣው፣ እንደሚመስለኝ፣ ነጠላው ሌላ ሥራ ስለያዘ ነው። «ቀዳሚ» ዛሬ የተራ ቃል ነው፤ በውድድር ፊት የወጣ፣ «ቀዳሚት እመቤት»። ከዘር ማንዘሩ አንዱን «ቀዳሚዬ» ብሎ የሚጠራ የለም። ለአንድ ሰው ያለን የዝምድና ስም ነው፦ አያት፣ ቅድመ አያት። እዚያ ያለው «ቅድመ»ም ከዚያው ከ«ቀደመ» የወጣ ነው፤ ቅድመ ክፍያ ከሥራው በፊት እንደሚከፈል፣ ቅድመ አያትም ከአያት በፊት ያለው ነው። ቅዳሜም የዚሁ ቤት ልጅ ናት፤ ከእሑድ የምትቀድመው ሰንበት፣ ቀዳሚት ሰንበት።

እንግዲህ ለአንድ ከተማ ወይም ሕንፃ «ጥንታዊ» ይበቃል። አንድን ሥራ ለጀመረ ሰው «ፈር ቀዳጅ» አለ፤ ይህ ግን ከመቅደም ሳይሆን ከመቅደድ ነው፣ በሬ ጠምዶ የመጀመሪያውን ፈር ከሚያወጣው ገበሬ የተወሰደ።

«አበው»ን ግን በ«ቀደምት» ቦታ እንደ ልብ ማስገባት አይቻልም። የ«አብ» ብዙ ስለሆነ አባቶችን ብቻ ይጠራል፤ እናቶቹ በግእዝ «እማት» ናቸው። ጽሑፉ ስለ ሁለቱም ከሆነ «ቀደምት» አባትንም እናትንም ይይዛል።