የአጎቴ ድምፅ የት ገባ?

በ2016 መስከረም፣ እዚህ ሲያትል፣ አንድ የሥራ ባልደረባዬ ሲኒማ ቤት ጋበዘኝ። ፊልሙ የሮክ ባንድ ኮንሰርት ነው። ቶኪንግ ሄድስ የተባለው የኒውዮርክ ባንድ እ.ኤ.አ. በዲሴምበር 1983 ሆሊውድ በሚገኘው ፓንቴጅስ ቴአትር ሲጫወት ጆናታን ዴሚ የቀረጸው፣ «ስቶፕ ሜኪንግ ሴንስ» የሚባለው ፊልም። ከአርባ ዓመት በኋላ ታድሶ እንደገና መታየቱ ነበር። የሮክ ሙዚቃ ወዳጅ አይደለሁም፤ የሄድኩት ለይሉኝታ ነው። ስወጣ ግን ደሜ ፈልቶ ነበር።

ፊልሙ በነጭ ጫማ ይጀምራል። ዘፋኙ ብቻውን ባዶ መድረክ ላይ ይወጣል፣ ቴፑን መሬት ላይ ያስቀምጣል፣ ጊታሩን ይመታል። በሁለተኛው ዘፈን ባስ ጊታር የምትጫወተው ትጨመራለች፣ በሦስተኛው ከበሮ መቺው ይመጣል፤ እያለ እያለ ዘጠኝ ይሞላሉ። ጥቁር የለበሱት የመድረክ ሠራተኞች የከበሮውን መቀመጫ እየገፉ ሲያስገቡ ሳይቀር ይታያል። ካሜራው ከሙዚቀኛው ላይ አይነሳም። ተመልካቹን በደንብ የሚያሳየን መጨረሻው ሲቃረብ ነው። እነዚህ ሰዎች ተኳርፈው እ.ኤ.አ. በ1991 ባንዱ ፈርሷል፤ ፊልማቸውን ግን ጠብ አልነካውም። ዋናው የፊልም ቅጂ (ኔጋቲቩ) ከተቀመጠበት ተፈልጎ ተገኝቶ፣ ድምፁ ተጠርጎ፣ የጣት እንቅስቃሴ ሳይቀር ይቆጠራል።

በዚያው ሌሊት መንዝ ውስጥ ካለችው ከሞላሌ የተላከልኝን የእህቴን ሰርግ ቪዲዮ አውጥቼ ከፈትኩ። ሰርጉ ጥር 2001 ነበር፤ እኔ አልነበርኩም። ማሲንቆ የተጫወተው አጎቴ ነው። በመንዝ ዳስ ሁሉ የሚታወቅ፣ ሰው አይቶ ግጥም የሚያወርድ ሰው ነበር። በ2005 አረፈ። ድምፁን የያዘ ነገር ቢኖር ይህ ቪዲዮ ብቻ ነው ብዬ ነው ዓመታት ሙሉ በሻንጣ ያስቀመጥኩት።

የመኪናው ሰልፍ ሩብ ሰዓት ወሰደ። የለስላሳ ሳጥን ታየ፣ የወጥ ድስት ታየ፣ የሽማግሌዎቹ ጋቢ ታየ። በመጨረሻ አጎቴ መጣ። ላቡ ላይ የአሥር ብር ኖት ተለጥፏል፤ ደጋኑ ጭራው ላይ ወዲያ ወዲህ ይላል፣ የግራ እጁ ጣቶች ይሮጣሉ፣ አፉ ይከፈታል። የሚሰማው ግን በኦርጋን የታጀበ፣ ከካሴት የተገለበጠ የታወቀ የሰርግ ዘፈን ነው! የሴት ድምፅ ከአጎቴ አፍ ይወጣል!

ወንድሜ ቪዲዮ ቤቱን እንዲጠይቅልኝ አደረግሁ። «የዳሱ ድምፅ ጫጫታ ስለነበረው በዘፈን ሸፈንነው» አሉ። ዋናው ካሴትስ? ሌላ ሰርግ ተቀርጾበታል። ጫጫታ ያሉት እኮ አጎቴን ነው። ያ ጫጫታ የእናቴ እልልታ ነው፤ የሚዜዎቹ ጭብጨባ ነው፤ በስሟ የተገጠመላት አሮጊት «ወይ ልጄ!» ስትል ነው።

እነሱ ገንዘብ ስላላቸው ነው የሚለኝ ይኖራል። እውነት ነው፣ ባንዱ ለዚያ ፊልም 1.2 ሚሊዮን ዶላር ራሱ አሰባስቧል። ነገር ግን ሞላሌም ካሜራ ነበር፣ መብራት ነበር፣ ቀራጩም ተከፍሎታል። ድምፁ ተቀድቶ ነበር! ሥራው ድምፁን እንዳለ መተው ብቻ ነበር፤ ቪዲዮ ቤቶቹ ግን ተጨማሪ ደክመው አጠፉት። የአዲስ አበባ ሸክላዎች እንኳ ፍራንሲስ ፋልሴቶ የሚባል ፈረንሳዊ አግኝተው እ.ኤ.አ. ከ1997 ጀምሮ «ኢትዮጲክስ» በሚለው ተከታታይ እንደገና ታትመዋል፤ የውጭ አገር ሰው መሆኑ ቢያንገበግብም እሰየው ነው። የሞላሌውን ዳስ ማን ይፈልገዋል? እኛው ነን እንጂ! በዚህ ጥር ልጅ የምትድሩ ወገኖቼ፣ ቀራጩን ከመክፈላችሁ በፊት የዳሱን ድምፅ እንዳይነካ አስምሉት። ዋናውንም ቅጂ ተቀበሉት።

በማግስቱ ለእናቴ ደወልኩላት። አጎቴ ያን ቀን ምን ብሎ እንደገጠመ ጠየቅኋት። የአባቷን ስም እንዳነሳና እንዳስለቀሳት ታስታውሳለች። ቤት መምቻው «ደጁ» የሚል ነበር አለችኝ። ቀጥሎ የመጣውን ለማስታወስ ትንሽ ዝም አለች፤ ከዚያ ስለ ብርዱ ጠየቀችኝ።