የብር ቀለበት የእንጉዳይ መርዝ አይለይም

ወንድሜ፣ ምክሩን በቅን ልብ እንደሰጠህ ይገባኛል። ሐሳብህ ባጭሩ ይህ ነው፦ ከጥድ ሥር የተለቀመ ትንሽ እንጉዳይ ሲቀቀል የብር ቀለበት ድስቱ ውስጥ ይጨመር፤ ቀለበቱ ካልጠቆረ እንጉዳዩ ይበላል። ብዙዎች ተቀብለውታል። እኛ ሐረሮች ደግሞ ብር እንወዳለን፣ ለማመን አይከብደንም።

ግን ልክ አይደለም። ብርን የሚያጠቁረው ድኝ ነው። ቤትህ ሞክረው፦ የተቀቀለ እንቁላል ልጠህ፣ ለሁለት ቆርጠህ፣ ከአንድ የብር ጌጥ ጋር ክዳን ባለው ዕቃ አሳድረው። ብሩ ይጠቁራል፤ እንቁላሉን ግን ማንም መርዝ አይለውም።

አሁን ደግሞ ጋሌሪና ማርጂናታ የምትባለውን መርዛማ እንጉዳይ ተመልከት። በአውሮፓና በሰሜን አሜሪካ፣ በተለይ በበሰበሰ የጥድና መሰል ዛፎች እንጨት ላይ ትበቅላለች። ቡናማ ናት፤ ባርኔጣዋ ብዙ ጊዜ ከ4 ሳንቲ ሜትር አይበልጥም። እግሯ ላይ እሷም ስስ ቀለበት አላት! አማቶክሲን የሚባል ጉበት የሚያጠፋ መርዝ ይዛ ብርህን ንክች አታደርገውም። መቀቀልም መርዙን አያጠፋውም።

የከፋው፣ ምልክቱ የሚጀምረው ብዙ ጊዜ ከ6 እስከ 24 ሰዓት ቆይቶ ነው። ትውከቱና ተቅማጡ ጋብ ሲል ሰው «ተሻለኝ» ይላል፤ ጉበቱ ግን እየተጎዳ ነው። የበላ ሰው ካለ ቶሎ ሐኪም ቤት ውሰዱት፤ የተረፈውን እንጉዳይም ያዙ።

ለመለየት የስፖር፣ ማለትም እንጉዳይ የሚራባበት እንደ ዱቄት የደቀቀ ዘር፣ ቀለም ይረዳል። ባርኔጣውን ነጭ ወረቀት ላይ ደፍተህ በብርጭቆ ከድነህ አሳድረው። የጋሌሪና ዝገት የመሰለ ቡናማ ዱቄት ይተዋል። ሌላ ቀለም ቢወጣም ግን ያ ብቻውን «ይበላል» አያሰኝም።